አባባ፣ ያዩትን ይመስክሩለት

ይድረስ ለውድ አባቴ፤

ለጤናዎ እንደምን ሰንብተዋል? ጉልበትዎ ተሻለዎት? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን።

ትናንት ተቆጥተው ስልኩን ስለዘጉብኝ መጻፍ ይሻላል አልኩ። «ፖሊስ መታወቂያ ሲጠይቅ አሳይቶ መሄድ እንጂ ምን የሚሉት ጥያቄ ነው?» ነበር ያሉኝ። የልጅ ልጅዎ ግን ምን አጠፋ? ከክሊኒክ ይዞዎት ሲመለስ አውቶቡስ ትጠብቁ ነበር። ከዚያ ሁሉ ሰው መካከል ፖሊሶቹ እሱን ብቻ ለይተው መታወቂያ ጠየቁት። ከኪሱ እያወጣ «በምን ጠረጠራችሁኝ?» አለ። ይኸው ነው። ለዚህ ሲሉ ግድግዳ አስደግፈው ፈተሹት፤ የእርስዎን የደም ግፊት ክኒን ሳይቀር ከፌስታሉ አውጥተው ወንበር ላይ ዘረገፉት። ክኒኑን አንድ በአንድ የለቀሙት እርስዎ ነዎት።

ፍርሃትዎ ይገባኛል። በደርግ ጊዜ ያለ ይለፍ ወረቀት ከአገር አገር መሄድ አይቻልም ነበር፤ ጠባቂ ፊት መከራከርማ የማይታሰብ ነው። እዚህ እስራኤልም የእኛው ወጣት ሰሎሞን ተካ በፈረንጆች 2019 ከሥራ ሰዓቱ ውጪ በነበረ ፖሊስ ጥይት ከሞተ ወዲህ ልጁ ባመሸ ቁጥር እንቅልፍ እንደሌለዎት አውቃለሁ። እኔም የለኝም።

ነገር ግን «ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ» የሚሉት እዚህ ላይ አይሠራም፤ ፖሊስ ተከስሶ ተረትቷልና። በፈረንጆች 1982 የወጣው ሕግ ዕድሜው 16 የሞላ ሁሉ መታወቂያ እንዲይዝና ሲጠየቅ እንዲያሳይ ያዛል፤ በዚህ እርስዎ ልክ ነዎት። ፖሊስም ይህንኑ ሕግ ይዞ ያለ አንዳች ጥርጣሬ ሰው ማስቆም የሚያስችል መመሪያ አወጣ። የሚቆመው ማን እንደሆነ ለእኛ መንገር አያስፈልግም። «ጠበቃ» የተባለው የእኛው የቤተ እስራኤል የሕግ ድርጅትና ሌሎችም አቤት አሉ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በጥር 2021 በአብላጫ ድምፅ ፈረደላቸው፦ ፖሊስ ምክንያታዊ ጥርጣሬ ሳይኖረው እንዲህ ሰው አስቁሞ መታወቂያ የመጠየቅ ሥልጣን የለውም። ስለዚህ ልጁ የጠየቀው ጥያቄ ድፍረት አይደለም፤ ዳኞቹ ራሳቸው ፖሊስን የጠየቁት ነው።

ፍርዱ መንገድ ላይ ያለውን ፖሊስ በአንድ ቀን አይቀይረውም፤ ይህን ከእርስዎ በላይ ማን ያውቃል። ለዚህ ነው ሰው ማመልከት ያለበት። አቤቱታው የሚቀርበው ለፖሊስ ጣቢያ አይደለም፤ ፖሊሶችን የሚመረምረው ክፍል በፍትሕ ሚኒስቴር ሥር ነው። ልጁም ብልህ ነው፤ በደረታቸው ላይ የተጻፈውን ስም አንብቦ ይዟል።

የጎደለን ምስክር ነው። በፈረንጆች 2015 ሆሎን ከተማ ላይ የወታደር ልብስ እንደለበሰ በፖሊስ የተደበደበውን የወገናችንን ልጅ ያስታውሱታል፤ እዚያ የነበረው ካሜራ ባይቀርጽ ኖሮ ፖሊስን የመታው እሱ ነው ተብሎ ሊቀር ነበር። መቺው ፖሊስ ከሥራ ቢባረርም ክስ አልተመሠረተበትም፤ እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል። በእኛ ፌርማታ ካሜራ ይኑር አይኑር አላውቅም። እርስዎ ግን ነበሩ። ከመጀመሪያው ቃል እስከ መጨረሻው ክኒን አይተዋል።

«ዕብራይስጥ አልችል፣ ምን ብዬ ልናገር» እንዳይሉኝ። የያዝናት ጠበቃ የጎንደር ልጅ ናት፤ በአማርኛ ነው የምትጠይቅዎት፤ ቃልዎን ጽፋ አንብባልዎት ነው የሚፈርሙት። ያላዩትን አይጨምሩ፣ ያዩትንም አይተዉ። ቄስ ፊት ለሽምግልና ሲቀመጡ የሚናገሩትን ያህል ይበቃል።

እሑድ ከሰዓት በኋላ ይዣት እመጣለሁ። ልጁም አብሮን ይመጣል፤ እባክዎ በዚህ ነገር አይቆጡት። ከእርስዎ ፊት መፈተሹ አሳፍሮት እስካሁን ዓይኑን ቀና አላደረገም። የክሊኒኩን የቀጠሮ ካርድና የዚያን ቀን የመድኃኒት ደረሰኝ አስቀምጡልኝ፤ ሰዓቱ ተጽፎበታል።

እማማን ሳሙልኝ።

ልጅዎ