ለደንበኞቻችን፦ ጨዋታው ቀረ ወይስ ዘገየ?

ውድ ደንበኞቻችን፣ ጤና ይስጥልን።

ይህን ደብዳቤ የምንጽፍላችሁ ባለፈው ሰመር አንድ አርብ ማታ በሠራነው ስህተት ምክንያት ነው። አብራችሁን የነበራችሁ ታስታውሱታላችሁ። ከሲልቨር ስፕሪንግ 2 ቫን ሞልተን የቤዝቦል ጨዋታ ለማየት የዋሽንግተኑ ቡድን የናሽናልስ ሜዳ ወደሆነው ናሽናልስ ፓርክ እየሄድን ነበር። መንገድ ላይ ሰማዩ ጠቆረ። መብረቁ ይብለጨለጭ ጀመር፣ ዝናቡም ፊታችንን ጋረደው። ከተሳፋሪዎቹ አንዱ ስልኩን አየና "ተሰርዟል!" አለ። ሾፌራችን አምኖት መኪናውን አዞረ። ሰው ሁሉ ቤቱ ገብቶ ሻይ ሳይጠጣ ዝናቡ አባራ። ጨዋታው ከ1 ሰዓት በላይ ዘግይቶ ተጀመረና እስከ መጨረሻው ተካሄደ። የቤዝቦል ጓንቱን ታቅፎ የተሳፈረ አንድ የ9 ዓመት ልጅ ስታዲየሙን ሳያይ ተመለሰ።

የቫኑን ሂሳብ ለሁላችሁም መልሰናል። የልጁን ምሽት ግን መመለስ አልቻልንም። ጥፋቱ የኛ ነው። ስልኩ ላይ የነበረው ቃል "ዲሌይድ" ነበር፤ ዘግይቷል ማለት ነው። ደግመን ማየት ነበረብን፣ አላየንም። ከዚያ ወዲህ ነገሩን በደንብ አጥንተናል፤ የተማርነውን ለእናንተም እናካፍል።

አንዱ ችግር ከቋንቋችን ይጀምራል። እኛ ሁሉንም "ተሰረዘ" እንላለን። ቤዝቦል ውስጥ ግን 4 የተለያዩ ቃላት አሉ። "ዲሌይድ" ካለ ጨዋታው ዛሬውኑ ሊካሄድ ይችላል፣ ጠብቁ። "ፖስትፖንድ" ካለ ወደ ሌላ ቀን ተዛውሯል፤ አንዳንዴ "ፒፒዲ" ተብሎ ባጭሩ ይጻፋል። "ሰስፔንድድ" ከሆነ ተጀምሮ ተቋርጧል፣ ከቆመበት ይቀጥላል። "ካንስልድ" ማለት ነው እንግዲህ በቃ ቀርቷል ማለት፤ ይሄ በጣም ጥቂት ጊዜ ነው የሚያጋጥመው። ስለዚህ ስትደውሉልን "ተሰረዘ ወይ?" ብቻ አትበሉን። ስልካችሁ ላይ ያለውን ቃል እንዳለ አንብቡልን።

ቀጥሎ የሚመጣው ጥያቄ ማን ነው የሚወስነው የሚለው ነው። ይህን ማወቅ በጣም ይጠቅማል። የመጀመሪያው ኳስ ከመወርወሩ በፊት ውሳኔው በአብዛኛው የባለሜዳው ቡድን ነው። ዋሽንግተን ላይ ከሆነ ናሽናልስ ይወስናል ማለት ነው። እንግዳው ቡድን አይወስንም፣ የአየር ትንበያውም አይወስንም። ትንበያው ቁርጥ ያለ ከሆነ ጠዋት ላይ ያስታውቃሉ። ካልሆነ ሰዓቱ እስኪደርስና እስኪያልፍም ይጠብቃሉ።

ለምን ይህን ያህል ይጠብቃሉ? አንድ ቡድን በመደበኛው ውድድር 162 ጨዋታ አለበት፤ ግማሹ፣ ማለትም 81ዱ፣ በሜዳው ነው። በግማሽ ዓመት ውስጥ ይህን ሁሉ ለመጨረስ በየቀኑ ማለት ይቻላል ይጫወታሉ። አንድ ቀን ከተዘለለ የሚተካበት ባዶ ቀን ማግኘት ጭንቅ ነው። እንግዳው ማን እንደሆነም ልብ በሉ። ሜትስ፣ ፊሊስ፣ ብሬቭስና ማርሊንስ የሚባሉት ቡድኖች ከናሽናልስ ጋር በአንድ ምድብ ውስጥ ስላሉ በዓመት ከአንድ ጊዜ በላይ ወደ ዋሽንግተን ይመጣሉ። ዛሬ ቢቀር ሲመለሱ ይጫወቱታል። ከካሊፎርኒያ የመጣ ቡድን ግን ብዙውን ጊዜ በዚያ ዓመት ዳግም አይመጣም። ለእንዲህ ያለ ጨዋታ ረጅም ሰዓት ቢጠብቁ አይግረማችሁ። እኛ አሁን ሰማዩን ከማየታችን በፊት እንግዳው ማን እንደሆነ ነው የምናየው።

ሰማዩማ ያታልላል። የአዲስ አበባን የሐምሌ ዝናብ የለመደ ሰው ደመናው ሲከብድ "ዛሬ አይለቅም" ይላል። የዋሽንግተን የሰመር ዝናብ ግን ሌላ ጠባይ አለው። ከሰዓት በኋላ ሙቀቱ ከብዶ ከብዶ ድንገት ይወርዳል፣ ያጥለቀልቃል፣ ከዚያ ጥሎ ይሄዳል። አሌክሳንድሪያ ላይ እየዘነበ ስታዲየሙ ጋ ጠብታ ላይኖር ይችላል። ሜዳው በትልቅ ሸራ ሲሸፈን ካያችሁም ተስፋ አትቁረጡ። ሸራውን የሚዘረጉት አፈሩ እንዳይጨቀይና በኋላ መጫወት እንዲቻል ነው።

ጨዋታው ከተጀመረ በኋላ ደግሞ ሥልጣኑ ወደ ዳኞቹ ይዛወራል። ዋናው ዳኛ ጨዋታውን ካስቆመ በኋላ ቢያንስ 30 ደቂቃ ሳይጠብቅ "በቃ" ማለት አይችልም። ስለዚህ ሰው ሲነሳ አይታችሁ አብራችሁ አትነሱ። መብረቅ ካለ መቀመጫችሁን ለቃችሁ ጣሪያ ወዳለበት መተላለፊያ ግቡ፣ እዚያ ጠብቁ።

የኢኒንግ ቁጥር መቁጠርም ያስፈልጋል። ኢኒንግ ማለት ሁለቱም ቡድኖች ተራ በተራ የሚመቱበት አንድ ዙር ነው፤ ሙሉ ጨዋታ 9 ኢኒንግ ነው። ነገር ግን 5 ኢኒንግ ካለቀ በኋላ አንዱ ቡድን እየመራ በዝናብ ቢቆም ውጤቱ ሊጸድቅ ይችላል። ባለሜዳው ሁለተኛ ስለሚመታ፣ እየመራ ከሆነ 4 ተኩል ይበቃል። ያኔ ጨዋታው እንደተካሄደ ይቆጠራል፣ ቲኬታችሁም ተጠቅማችሁበታል። ከዚያ በፊት ከተቋረጠ ግን ሌላ ቀን ከቆመበት ይቀጥላል።

ይህ ደንብ ምን እንደሚያመጣ የሚያሳይ አንድ ታሪክ እንንገራችሁ፤ እኛ በጣም ነው የምንወደው። ሰኔ 2024 በፈረንጆቹ፣ ቦስተን ፌንዌይ ፓርክ ላይ የቦስተኑ ሬድ ሶክስና የቶሮንቶው ብሉ ጄይስ እየተጫወቱ ሳለ በ2ኛው ኢኒንግ ዝናብ አቋረጣቸው። በዚያች ሰዓት ለመምታት ቆሞ የነበረው የቶሮንቶው ዳኒ ጃንሰን ነው። ጨዋታው ወደ ነሐሴ ተዛወረ። በመሃል ጃንሰን ወደ ቦስተን ተሸጋገረ። ነሐሴ 26 ያው ጨዋታ ሲቀጥል ቶሮንቶ በእሱ ምትክ ሌላ መቺ አስገባ፤ ኳስ ተቀባይ ሆኖ ከመቺው ኋላ የቆመው ራሱ ጃንሰን ነበር! በትልቁ የአሜሪካ ቤዝቦል ሊግ፣ በኤምኤልቢ፣ ታሪክ በአንድ ጨዋታ ለሁለቱም ቡድኖች የተጫወተ የመጀመሪያው ሰው ሆነ።

ጨዋታ የሚያስቀረው ዝናብ ብቻም አይደለም። ሰኔ 8 ቀን 2023 ዋሽንግተን ላይ አንድ ጠብታ ዝናብ አልነበረም። የካናዳ የደን ቃጠሎ ጭስ ከተማውን ሸፍኖ አየሩ ለመተንፈስ አደገኛ ሆነ። ናሽናልስ ከዳይመንድባክስ ጋር የነበረው ጨዋታ ወደ ሰኔ 22 ተዛወረ። ሐምሌ 17 ቀን 2021 ደግሞ ከፓድሬስ ጋር ሲጫወቱ ከስታዲየሙ ውጭ ተኩስ ተከፈተ። ጨዋታው 6ኛው ኢኒንግ ላይ ተቋርጦ በማግስቱ ተጠናቀቀ። ፀሐይ ወጥቷል ብላችሁ ሳታጣሩ አትነሱ የምንለው ለዚህ ነው።

ታዲያ የት እንይ? የኤምኤልቢን መተግበሪያ ስልካችሁ ላይ ጫኑ። የዕለቱን ጨዋታ ስትከፍቱ ከላይ ከነገርናችሁ ቃላት አንዱ እዚያው ይጻፋል። የቡድኑ ድረ ገጽና ኤክስ ላይ ያለው የቡድኑ ይፋዊ ገጽም ወዲያው ያስታውቃሉ። በቴሌግራም የሚዘዋወር ፎቶ፣ "ጓደኛዬ ነገረኝ"፣ የአየር ሁኔታ መተግበሪያ ላይ ያለ "80 ፐርሰንት"፣ እነዚህ ውሳኔ አይደሉም። ጨዋታው ሌላ ከተማ ከሆነ ደግሞ ስታዲየሙ ጣሪያ እንዳለው ጠይቁ። ዳላስ አካባቢ አርሊንግተን ያለው ስታዲየም የሚዘጋ ጣሪያ አለው። ሲያትልም አለው። እዚያ ያሉ ወንድሞቻችሁ ስለ ዝናብ ብዙም አይጨነቁም። ዴንቨር ግን ጣሪያ የለም፤ ሚያዝያ ላይ በረዶ ጥሎ ጨዋታ ያስቀራል።

ስለ ቲኬት አደራ የምንለው ነገር አለ። ጨዋታው ወደ ሌላ ቀን ከተዛወረ ቲኬታችሁን ከስልካችሁ ላይ አታጥፉ። ብዙውን ጊዜ ያው ቲኬት ለአዲሱ ቀን ይሠራል። አንዳንዴ ተተኪው ጨዋታ በአንድ ቀን ከሌላ ጨዋታ ጋር ተደርቦ ይካሄዳል። አንዳንዱ በአንድ ቲኬት ሁለቱንም ያሳያል፣ አንዳንዱ ለየብቻ ቲኬት ይጠይቃል። ባለፈው አንዲት እናት ቀኑ ሲዛወር ገንዘቤ ቀለጠ ብለው ዝም ብለው ነበር። ደውለው ቢጠይቁን በደስታ እንረዳቸው ነበር። እባካችሁ ጠይቁን።

ከእንግዲህ እኛ የምናደርገው እንዲህ ነው። ከመነሳታችን 2 ሰዓት ቀደም ብለን፣ ከዚያም ልክ ልንነሳ ስንል፣ የቡድኑን ይፋዊ መረጃ አይተን በአማርኛ የጽሑፍ መልእክት እንልክላችኋለን። "ዘግይቷል" ካለ እንሄዳለን፣ እዚያም አብረናችሁ እንጠብቃለን፤ ለመጠበቂያው ተጨማሪ አናስከፍልም። መንገድ ላይ ከሆንን ሾፌሩ ቢሮ ደውሎ ሳያረጋግጥ መኪና አያዞርም። ወደ ሌላ ቀን ከተዛወረ የከፈላችሁት ለአዲሱ ቀን ይያዝላችኋል፤ ቀኑ ካልተመቻችሁ ሙሉውን እንመልሳለን። የማታ ጨዋታ ብዙውን ጊዜ 6:45 ይጀምራል፤ በሀገራችን አቆጣጠር 12:45 ነው። ወላጆቻችሁን ይዛችሁ የምትመጡ ይህን አስቀድማችሁ ንገሩልን።

ለዚያ ልጅ ከመስኮቱ ጎን ያለውን ወንበር ይዘንለታል። እሱና ወላጆቹ በፈለጉት ጨዋታ ያለ ክፍያ ይሄዳሉ። በቀደም እናቱ ደውለው ቀኑን ነግረውናል።

አክባሪዎቻችሁ፣
የቫን አገልግሎቱ ባለቤቶችና ሾፌሮች
ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ