«ልጅሽን እንዴት ሰጠሽ?» ላልሽኝ

ይድረስ ለምናፍቅሽ እህቴ፣

እንደምን ከርመሻል? ባለቤትሽስ? ልጆቹስ? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። ደሴም ደህና ናት፣ ብርዷም ያው ነው። የእናትሽን ማረፍ ሰምቼ ወንድምሽ ቤት ለቅሶ ተቀምጫለሁ። አላህ ጀነት ያግባቸው። ለእኔም እናት ነበሩ።

ከተጠፋፋን ዓመታት አለፉ። በ2014 ዓ.ም. ጦርነቱ ደሴና ኮምቦልቻ ሲገባ ስልኩም ተቋረጠ፣ ሰዉም ተበታተነ። ከዚያ በኋላ የአንቺ ቁጥር አልሠራ አለኝ። አዲሱን አድራሻሽን ያገኘሁት አሁን ነው፣ ከወንድምሽ። ስልክሽንም ሰጥቶኛል። ግን የምነግርሽ ነገር በስልክ የሚያልቅ አይደለም። ቁጭ ብለሽ እንድታነቢው ፈለግሁ።

መጨረሻ ስናወራ የጠየቅሽኝን ታስታውሺ ይሆናል። ልጄ ካፑቺኖች ከሚባሉት የካቶሊክ መነኮሳት ጋ መግባቱን ስነግርሽ ዝም አልሽ። ቆይተሽ «አንድ ወንድ ልጅሽን እንዴት ሰጠሽ?» አልሽኝ። በክፋት እንዳልሆነ አውቃለሁ። ያሳደግሽው አንቺም ነሽ። ለእናንተ ለሙስሊሞቹ ደግሞ ኒካህ የዲን ግማሽ ነው። አንድ ጎልማሳ ያለ ሚስት፣ ያለ ልጅ ይኖራል ሲባል ጆሮሽን ቢከብደው አይገርመኝም። እኔንም ከብዶኝ ነበር። ያኔ የምመልስልሽ አልነበረኝም። አሁን አለኝ። ልጄም በቅርቡ ቅስና ይቀበላል።

እህቴ፣ ልጄን ማንም አልወሰደብኝም። እኔም አልሰጠሁትም። ይህን እንድታምኚኝ መንገዱ ምን ያህል ረጅም እንደሆነ ልንገርሽ።

አንድ ልጅ «ገዳማዊ ልሁን» ብሎ ሲመጣ እሰይ ተብሎ ወዲያው ልብስ አይለብስም። መጀመሪያ አብሯቸው ይኖራል። ያዩታል፣ እሱም ያያቸዋል። ከዚያ ኖቪሺየት የሚሉት የተመክሮ ዘመን ይመጣል። በቤተክርስቲያኒቱ ሕግ ይህ ቢያንስ 12 ወር ነው። በዚህ መሃል ከተመክሮው ቤት ከ3 ወር በላይ የራቀ እንደሆነ ዘመኑ አይቆጠርለትም፤ እንደገና መጀመር አለበት። ዝም ብሎ ጸሎት፣ ሥራ፣ ጥናት፣ ከራስ ጋር መነጋገር ነው። ልክ አይደለሁም ያለ በማንኛውም ቀን ጓዙን ይዞ ይወጣል። እነሱም አይሆንህም ሊሉት ይችላሉ።

ያንን ያለፈ ሰው መሐላ ይፈጽማል፤ ግን ለጊዜው ብቻ። ቢያንስ 3 ዓመት፣ እንደ ደንቡ ከ6 የማይበልጥ፣ ካስፈለገ እስከ 9 የሚራዘም። ጊዜው ሲያበቃ ነፃ ነው። ልቀጥል ካለ ራሱ ይጠይቃል። የዘላለሙን መሐላ የሚምለው ከዚህ ሁሉ በኋላ ነው። እሱንም ቢሆን 21 ዓመት ያልሞላው አይምልም።

በዓል ሲደርስ ሲመጣ ፊቱን አያለሁ። ከስቷል? ከፍቶታል? እናት ነኝ፣ ሌላ ምን አደርጋለሁ! ቡና እያፈላሁ «ልጄ፣ ይቅርብህ፣ ማንም አይታዘብህም» እለው ነበር። እሱም አይቆጣም። «እማ፣ እነሱም እንደ አንቺ ነው የሚጠይቁኝ» ይለኛል። ከአንድ ዓመት ወደ ሌላው ያንን ስሰማ ነው ልቤ ቀስ በቀስ ያረፈው። እኔ እንዲወጣ ስለምነው እነሱም በሩን ክፍት አድርገው ነበር የሚጠብቁት።

አብረውት ከገቡት ልጆች የወጡ አሉ። አንዱን ታውቂዋለሽ፣ የሰፈራችን ልጅ ነው። አሁን ኮምቦልቻ ይሠራል፣ አግብቶ ወልዷል። ልጄ ሠርጉ ላይ ነበር፣ አጨብጭቦለታል። ከዳህ ያለው የለም። እኔን ከስብከት ሁሉ በላይ ያሳመነኝ የዚያ ልጅ ሠርግ ነው።

ትልቁ ቀን ግን ለእኔ የመሐላው ቀን አልነበረም። ከዚያ በፊት የመጣበት ቀን ነው። የዘላለም መሐላ የሚምል ሰው ስለ ንብረቱ በአገር ሕግ የሚጸና ኑዛዜ ይጽፋል። ፍራንሲስካውያን ደግሞ የራሴ የሚሉትን ሁሉ ይተዋሉ። ካፑቺኖች ከዚያው ከቅዱስ ፍራንሲስ ቤት የወጡ ናቸው። ፍራንሲስ ለወንድሞቹ የጻፈውና ርእሰ ሊቃነ ጳጳሳቱ በ1223 እ.ኤ.አ. ያጸደቁት ደንብ ገና ሲጀምር በመታዘዝ፣ ያለ ግል ንብረት፣ በንጽሕና መኖርን ነው የሚያዘው። ልጄም ይህን ሊፈጽም መጣ። የአባቱን ቤት ታውቂዋለሽ፣ ቧንቧ ውሃ ሰፈር ያለውን። ድርሻውን ለእህቱ አዛወረ። ወረቀቱ ላይ ሲፈርም እጁ አልተንቀጠቀጠም። እኔ ግን ጓዳ ገብቼ አለቀስኩ። ሚስት አለማግባቱ ያላስለቀሰኝን ያህል ይህ አስለቀሰኝ። አባቱ ያንን ቤት በጨው ንግድ ነው የሠራው። እያንዳንዱን ቆርቆሮ አውቀዋለሁ።

ማታ ላይ መጥቶ አጠገቤ ተቀመጠ። ምንም አላለኝም። እራት አቀረብኩለት፣ በላ። እህቱ «እዚህ ቤት ምንጊዜም አልጋህ አለ» አለችው። እሱም ሳቀና «አልጋው የእኔ እንዳይሆን እንጂ መተኛቱን እተኛበታለሁ» አላት። ሁላችንም ሳቅን። ከዚያ ቀን ወዲህ ስለ ቤቱ ከፍቶኝ አያውቅም።

መሐላውን ሲምል አለቃው ፊት ተንበርክኮ ሁለት እጆቹን በአለቃው እጆች መሃል አስገባ። ቡናማው ቀሚስ ላይ የሚታጠቁት ነጭ ገመድ ሦስት ቋጠሮ አለው፤ ለሦስቱ መሐላዎች፣ ለመታዘዝ፣ ያለ ግል ንብረት ለመኖርና ለንጽሕና ነው። ያን ሲታጠቅ ቆሜ አየሁት። እናትሽ ትዝ አሉኝ። የዚያን ጊዜ ገና ሲሄድ በራቸው ላይ አስቁመው ዱዓ አድርገውለት፣ እንትፍ እንትፍ ብለው መርቀውት ነበር።

ሌላም ጥያቄ እንዳለሽ አውቃለሁ። «ጎረቤታችን ቄሱ ሚስት አላቸው፣ ልጆችም ወልደዋል። የአንቺ ልጅ ለምን ተከለከለ?» ትያለሽ። እነሆ፣ በኦርቶዶክስ ዲያቆኑ መጀመሪያ ያገባል፣ ከዚያ ይቀስሳል። በምሥራቅ ሥርዓት ያሉ ካቶሊኮችም ዘንድ ያገባ ሰው ካህን ሊሆን ይችላል። በ1990 እ.ኤ.አ. የወጣው የምሥራቅ አብያተ ክርስቲያናት ሕግ ያገቡ ካህናትን በክብር ነው የሚያነሳቸው። ከቀሰሱ በኋላ ማግባት ግን የለም፣ ጳጳስም የሚሆነው ያላገባው ነው። የላቲኑ፣ ማለትም የሮማ ሥርዓት ወገን ነው ጠንከር ያለው፤ በ1139 እ.ኤ.አ. በሁለተኛው የላተራን ጉባኤ የካህን ጋብቻ ጋብቻ እንዳይባል ተወሰነ። የልጄ ነገር ግን ከዚህ ይለያል። እሱ የማያገባው ካህን ስለሚሆን አይደለም። ካህን ከመሆኑ በፊት መነኩሴ ስለሆነ ነው። በማኅበሩ ውስጥ ጭራሽ የማይቀስሱ ወንድሞችም አሉ፤ ያንኑ መሐላ ምለው አትክልት የሚንከባከቡ፣ የሚያስተምሩ፣ በሽተኛ የሚያስታምሙ። ልጄ እነሱን ሲያወሳ ነው ዓይኑ የሚበራው። እኔም ክህነቱን ባይቀበል እንኳ ደስ ይለኝ ነበር ብዬ እናገራለሁ።

ደሴ ውስጥ ካቶሊክ ስንባል ጥቂት ነን። በ1999 ዓ.ም. ቆጠራ በአገር ደረጃ እንኳ 0.7 በመቶ ነበርን። ሰው ሲሰማ «የፈረንጅ ሃይማኖት» ይላል። ይህ ሁልጊዜ ያሳዝነኛል። ቅዳሴያችንን መጥተሽ ሰምተሻል፤ ግዕዙም፣ ከበሮውም የአገራችን ነው። በ1548 እ.ኤ.አ. ገደማ ሮም ውስጥ የግዕዝ ሐዲስ ኪዳን ሲታተም ያሳተመው መነኩሴ ተስፋ ጽዮን ይባላል፣ የኛው አገር ሰው ነው። ከቫቲካን አጥር ውስጥ የሐበሾች ቅዱስ እስጢፋኖስ የሚባል ቤተክርስቲያን አለ። ልጄ ይህን ሁሉ ነግሮኛል። በ2015 እ.ኤ.አ. ደግሞ የባሕር ዳር-ደሴ ሀገረ ስብከት ተቋቋመ። የከተማችን ስም በጳጳስ ማዕረግ ሲጠራ ስሰማ እልል ብያለሁ። ለሌላው ትንሽ ነገር ይመስላል። ለእኛ ለጥቂቶቹ አይደለም።

በ19ኛው መቶ ዓመት ካፑቺኖቹ ወደ አገራችን የመጡት በካፑቺኑ ሚስዮናዊ በአባ ማስያስ ነው። በ1846 እ.ኤ.አ. ተሾሞ ወደ ኦሮሞ አገር ተላከ። በተደጋጋሚ ተሰደደ፣ ታሰረ፤ ሕዝቡን ግን ፈንጣጣ ይከትብ ነበር። በ1849 እ.ኤ.አ. ምጽዋ ላይ ላዛሪስት ከሚባለው ሌላ የካቶሊክ ማኅበር ለሆነው ለቅዱስ ዮስጢኖስ ደ ያቆቢስ ጵጵስና የሰጠው እሱ ነው። ዮስጢኖስ ደግሞ የሐበሻ ልብስ ለብሶ፣ የሐበሻ ቋንቋ ተምሮ፣ በሐበሻ ሥርዓት የኖረ ሰው ነው። ልጄ በሴሚናር ሳለ ስለ እነዚህ ብዙ ጽፏል። እኔ የምወድላቸው ነገር በእግራቸው መሄዳቸውን ነው።

አሁን የሚጠብቀን ቅስናው ነው። ዲቁናውን ተቀብሏል። በላቲኑ ሕግ ከዲቁና እስከ ቅስና ቢያንስ 6 ወር ይጠበቃል። ከመቅሰሱ በፊት ደግሞ በገዛ እጁ ጽፎ፣ ፈርሞ «በፈቃዴ፣ ማንም ሳያስገድደኝ ነው» ይላል። ሰውን አስገድዶ ማቀሰስ በሕጉ በጭራሽ አይፈቀድም። በቁምስናችን ስሙ ይነገራል፤ እንቅፋት የሚያውቅ ካለ ይናገር ይባላል። ስለ እሱ የሚያውቁትን የሚጠየቁ ሰዎችም አሉ። ቆሞሱ ወደኛ ሰፈር ሲመጡ ወንድምሽም ምስክርነቱን ሰጠ። ልጁን ከሕፃንነቱ ያውቀዋል፣ ሌላ ማንን ይጠይቁ?

ጳጳሱ እጃቸውን በራሱ ላይ ጭነው ይጸልያሉ። ክህነት የሚሰጠው በዚያ ነው። አንዴ ከተሰጠ አይደገምም፣ አይፋቅም። ከሰባቱ ምሥጢራት እንዲህ ያሉት ጥምቀት፣ ሜሮንና ክህነት ናቸው። አዲስ ካህን ለወላጆቹ የመጀመሪያ ቡራኬ ይሰጣል። አባቱ የለም፤ እኔ እንበረከካለሁ። ያን ቀን የወለድኩትን ልጅ «አባ» እለዋለሁ። እንግዳ ነገር ይመስልሽ ይሆናል። ለእኔ ግን ደስታ ነው።

የኃጢአት ኑዛዜ ግን ለእሱ አልናዘዝም። ሕጉ አይከለክልም። ግን የሰማውን ለማንም ትንፍሽ ማለት አይችልም፤ የኑዛዜን ምሥጢር የገለጠ ካህን ከቤተክርስቲያን ይወገዛል። ስለ እኔ የሰማውን ተሸክሞ፣ ከእኔ ጋር ቡና እየጠጣ ዝም እንዲል አልፈልግም። ሌሎች ካህናት አሉ። እሱ የሰውን ሁሉ ሸክም ይስማ፣ የእናቱ ይቅርለት።

እንግዲህ የሚቀረው አንድ ነገር ነው። አንቺ መምጣት አለብሽ። ቅስናውን ተቀብሎ የመጀመሪያ ቅዳሴውን የሚቀድሰው እዚሁ ደሴ ነው። ቀኑ ሲቆረጥ በወንድምሽ በኩል እልክብሻለሁ። ከረመዳን ጋር እንዳይገጥም አስቀድሜ ተናግሬያለሁ፣ ልጄም በዚህ ተስማምቷል። ለእናንተ ወገን የሚታረደውን በግ ወንድምሽ ያርዳል፣ ድስቱም እሳቱም ለብቻ ነው። ያ ሥራ የእሱ ነው፣ ማንም አይነካበትም። የሰፈሩ ሴቶች ገና ካሁኑ በርበሬ እየደለዙልኝ ነው።

ከሐረጎ በኩል ከመጣሽ ኮምቦልቻ ላይ የሚቀበልሽ ሰው እልካለሁ። ቀድመሽ ንገሪኝ እንጂ። ልጆቹንም ይዘሽ ነይ፣ ማደሪያው እኔ ጋ ነው፣ አልጋ አዘጋጅቻለሁ። መልስሽን ዛሬ ነገ ሳትይ ላኪልኝ።

የምትወድሽ እህትሽ
ደሴ