መላሽ የተባለችው ኮከብ፦ የሥነ ፈለክና ሥነ ጽሑፍ ክበብ የዓመቱ ዘገባ

ክበባችን በዚህ ዓመት የሠራው ሥራ አንድ ብቻ ነው፤ በሰማይ ላይ የሌለች ኮከብ ፈጥሮ፣ በእርሷ እየተመራ ባሕር የሚያቋርጥ፣ በምድር ላይ ያልኖረ ሕዝብ ታሪክ መጻፍ። የሥነ ፈለኩ ወገን ልብ ወለድን እንደ ጊዜ ማባከኛ፣ የሥነ ጽሑፉ ወገን ደግሞ ስሌትን እንደ ምናብ ጠላት ሲቈጥር ስለ ሰነበተ፣ ሁለቱን በአንድ ጠረጴዛ ዙሪያ የሚያስቀምጥ ሥራ ስፈልግ መክረሜን አልደብቅም። ሕዝቡ ናሩሳ፣ ኮከቧ መላሽ ተባሉ፤ ስያሜው ብዙ አከራክሮናል፣ ዝርዝሩን ግን እዚህ አላነሣም።

የመጀመሪያው ስሕተት የእኔው ነበር። አባላቱ ናሩሶች ኮከባቸውን ለምን እንደሚወዷት እንዲጽፉ አዘዝሁ፤ በሳምንቱ የደረሰኝ ሁሉ ውዳሴ ሆነ። ኮከቧ በአንዱ ድርሰት ንግሥት፣ በሌላው እናት፣ በሦስተኛው ዕንቍ ነበረች፤ በየትኛውም ውስጥ ግን በእርሷ ጀልባ የሚመራ ሰው አልነበረም። ስለዚህ ብዕሩን አስቀምጠን ወደ እውነተኞቹ መርከበኞች ሄድን። እ.ኤ.አ. በ1976 ሆኩሌአ የተባለችው ባለ ሸራ ጀልባ ከሃዋይ ተነሥታ ታሂቲ ስትደርስ፣ መሪዋ ማው ፒያይሉግ ኮምፓስ ሳይዝ ከዋክብትንና ሞገድን እያነበበ ነበር ያደረሳት። የጀልባዋ ስም «የደስታ ኮከብ» ማለት ሲሆን፣ ስሙም የአርክቱሩስ ነው። ይህች ኮከብ በሃዋይ ሰማይ ላይ ስታልፍ ከአናት በላይ ስለምትሆን፣ ከሩቅ የሚመለስ መርከበኛ በአናቱ ትክክል ሲያገኛት በአገሩ ኬክሮስ ላይ፣ ማለትም አገሩ ከምድር ወገብ በሚርቅበት ልክ ላይ፣ መድረሱን ያውቃል። ይህን ካነበቡ በኋላ አባላቱ መላሽ ምን እንደምትመስል መጠየቅ ትተው የት እንደምትቆም ይጠይቁ ጀመር።

መላሽን ከሰማዩ ሰሜናዊ ዋልታ፣ ከዋክብት ሁሉ ሲዞሩበት ከሚታየው ነጥብ፣ አጠገብ አስቀመጥናት። በዋልታው ላይ ያለ ኮከብ ከአድማስ በላይ ያለው ከፍታ ከተመልካቹ ኬክሮስ ጋር እኩል ስለሆነ፣ ናሩሳዊው አገሩን የሚያውቀው በኮከቧ ከፍታ ይሆናል። የቀድሞ አረብ መርከበኞች ለዚህ የሚገለገሉበት ካማል የተባለው መሣሪያ ከአንዲት ትንሽ ሰሌዳና ባለ ቋጠሮ ገመድ በቀር ሌላ የለውም፤ እኛም ከካርቶንና ከሲባጎ ሠራነው። ሲባጎው በካርቶኑ መሐል ያልፋል፤ ቋጠሮውን በጥርስ ነክሶ፣ ገመዱን እስኪወጠር ገፍቶ፣ የካርቶኑን ታችኛ ጠርዝ ከአድማስ፣ ላይኛውን ከኮከቡ ጋር ማግጠም ነው። በቀን የመብራት ምሰሶ እየለኩ ተለማመዱ፤ በሌሊት ግን እጅ ይንቀጠቀጣል፣ አድማሱም በጨለማ ይጠፋል። ሲባጎውን ነክሶ ለመናገር የሞከረ አንድ አባል ልኬቱን ሦስት ጊዜ ያበላሸበትን ምሽት ማንም የሚረሳው አይመስለኝም።

የናሩሶች ባህል የተወለደው ከዚህ ሲባጎ ነው። እያንዳንዱ ወደብ የራሱ ቋጠሮ አለው፤ ሕፃን ሲወለድ የወደቡ ቋጠሮ ያለበት ገመድ ይታሰርለታል፣ ወደ ሌላ ደሴት የምትዳር ልጅም የመጀመሪያውን ሳትፈታ ሁለተኛ ትጨምራለች። መንገደኛው ሲመለስ ኮከቧ በቋጠሮው ልክ እስክትሆን ድረስ ወደ ሰሜን ይቀዝፋል፣ ከዚያ ከፍታዋን ሳይለቅ በነፋሱ ወደ ምሥራቅ ይታጠፋል። ከጠብ በኋላ የታረቀ ሰው «ቋጠሮዬ ላይ ደረስሁ» ይላል። ይህን አነጋገር ያመጣችው በስብሰባ ላይ አፏን የማትከፍት አንዲት የዘጠነኛ ክፍል ተማሪ ናት።

ከሁሉ የረዘመው ውይይት ስለ ደቡቡ ባሕር ነበር። ወደ ደቡብ በተጓዙ ቍጥር መላሽ ዝቅ ትላለች፣ ከምድር ወገብ አልፎም ከአድማስ በታች ትሰወራለች። የብዙዎቹ ሐሳብ ያ ባሕር የሙታን አገር ይሁን የሚል ነበር፤ እኔም ልስማማ ተቃርቤ ነበር። ያቺው ተማሪ ግን ነጋዴዎች በየዓመቱ ሄደው የሚመለሱበት ባሕር እንዴት የሙታን አገር እንደሚሆን ጠየቀች፤ መልስ ስናጣ የራሷን አቀረበች። ናሩሶች የሚምሉት በመላሽ ስለሆነ፣ እርሷ በማትታይበት ባሕር የተማለ መሐላ አይጸናም። ስለዚህ ነጋዴዎች ዋጋውንም ዕዳውንም ኮከቧ ከመስጠሟ በፊት ይዋዋላሉ፤ ከዚያ ወዲያ የተገባ ቃል ለሰሚው ቀልድ፣ ለተናጋሪው ነውር ነው። በዓመቱ ከተጻፈው ሁሉ ይህን አበልጣለሁ፤ አንዲት ኮከብ ከአድማስ በታች በመውረዷ ብቻ አንድ ሕዝብ ሕግ አገኘ።

በሁለተኛው ሴሚስተር የሥነ ፈለኩ ወገን ተራውን ወሰደ። የመሬት ዛቢያ እንደ እንዝርት እየተወዛወዘ በ26,000 ዓመት ገደማ አንድ ዙር ስለሚያጠናቅቅ፣ የሰማዩ ዋልታ ለአንድ ኮከብ ታማኝ ሆኖ አይቀርም። የዛሬው የሰሜን ኮከብ ከዋልታው የሚርቀው ከአንድ ዲግሪ ባነሰ ነው፤ ከ4,500 ዓመታት በፊት ግን ለዋልታው ቅርብ የነበረው ቱባን የተባለ ሌላ ኮከብ ነበር። አባላቱ ባሰሉት መሠረት ዋልታው አንድ ዲግሪ ለመንሸራተት 180 ዓመት ያህል ይፈጅበታል፤ አንድ ዲግሪ ደግሞ በባሕር ላይ 111 ኪሎ ሜትር ገደማ ስለሆነ፣ ከቅድመ አያት የተወረሰ ቋጠሮ ጀልባን ከደሴቷ አሳልፎ ባዶ ውኃ ላይ ሊያደርሳት ይችላል።

የማጠቃለያው ታሪክ በዚህ ላይ ተጻፈ። ሽማግሌው በጨው ብዛት ገመዱ አጥሯል ይላል፤ የልጅ ልጁ ገመዱ ደኅና ነው፣ የተንቀሳቀሰችው መላሽ ናት ትላለች፤ ቀዛፊዎቹም የማንን ቃል እንደሚከተሉ ሳያውቁ መቅዘፊያቸውን አንሥተው ይጠብቃሉ። በወላጆች ቀን የተነበበው እስከዚህ ድረስ ነው፤ ፍጻሜው ላይ አባላቱ አልተስማሙም፣ እኔም አላስገደድሁም። ረቂቁ ለመጪው ዓመት አባላት ተላልፏል፤ ካርቶኑና ሲባጎው በቤተ ሙከራው ቁም ሣጥን ላይኛው መደርደሪያ ይገኛሉ።