3 ሚሊዮን ብር ተበድሮ 11 ሚሊዮን መክፈል

ለተከበሩ የጋዜጣው ዋና አዘጋጅ፦

ስለ ቤት መግዣ ብድር በጋዜጣችሁም ሆነ በሌሎች መገናኛ ብዙኃን የሚወጡ ማስታወቂያዎችንና ዘገባዎችን ስከታተል አንድ ነገር ዘወትር ይጎድልብኛል። የቅድመ ክፍያው መጠን ይነገራል፣ የመክፈያው ዘመን ይነገራል፣ ወርሃዊው ክፍያ በትልቁ ይጻፋል፤ ተበዳሪው ዕዳውን ጨርሶ የቤቱን ካርታ ከባንክ እስኪያወጣ ድረስ በጠቅላላው ስንት ብር ከኪሱ እንደሚወጣ ግን የሚነግረው የለም። በባንክ የብድር ክፍል ለረጅም ጊዜ ሠርቼ በጡረታ የተገለልሁ ሰው እንደ መሆኔ፣ ይህ ቁጥር የሚቀረው ለማስላት ስለሚያስቸግር እንዳልሆነ አውቃለሁ። በብድር ኦፊሰሩ ኮምፒውተር ላይ ወርሃዊው ክፍያ ሲወጣ ጠቅላላውም አብሮ ይወጣል። ለደንበኛው የሚነበብለት ግን የመጀመሪያው ብቻ ነው።

ነገሩን በስሌት ላሳይ። 5 ሚሊዮን ብር የሚያወጣ አፓርታማ ለመግዛት የፈለገ ቤተሰብ 2 ሚሊዮኑን ከቁጠባውና ከዘመድ አሰባስቦ ከፈለ፣ የቀረውን 3 ሚሊዮን ደግሞ በ20 ዓመት ለመመለስ ከባንክ ተበደረ እንበል። የወለድ ምጣኔው እንደየባንኩና እንደየደንበኛው ስለሚለያይ 18 በመቶን የወሰድሁት ለስሌት እንዲመች ብቻ ነው፤ አንባቢ የራሱን ውል አውጥቶ በራሱ ቁጥር ሊተካው ይችላል። በዚህ ሒሳብ ወርሃዊው ክፍያ 46,299 ብር ይሆናል (ሳንቲሙን መተዌን የሒሳብ መምህራን ይለፉኝ)። ይህ በ240 ወራት ሲባዛ ከ11 ሚሊዮን 111 ሺሕ ብር በላይ ይመጣል። ከዚህ ውስጥ ከ8 ሚሊዮን 100 ሺሕ ብር የሚበልጠው ወለድ ነው። ቅድመ ክፍያው ሲደመርበት 5 ሚሊዮን የተባለው ቤት ለቤተሰቡ ከ13 ሚሊዮን ብር በላይ ፈጅቶበታል ማለት ነው።

ከጠቅላላው ድምር ይልቅ ደንበኞችን ሲያስደነግጥ ያየሁት ግን የመክፈያ ሰንጠረዡ የመጀመሪያ መስመር ነው። በዚያ መስመር ላይ ከተከፈለው 46,299 ብር ውስጥ 45,000 ብሩ ለወለድ፣ 1,299 ብሩ ለዋናው ብድር ተብሎ ተከፍሎ ይታያል። ወለዱ የሚሰላው በቀሪው ዕዳ ላይ በመሆኑ፣ ዕዳው ገና ሙሉ በሆነበት ጊዜ የሚከፈለው ገንዘብ ከሞላ ጎደል ሁሉም ለወለድ ይሄዳል። ቤተሰቡ አንድም ወር ሳያዛንፍ አምስት ዓመት ሙሉ ቢከፍል 2 ሚሊዮን 778 ሺሕ ብር ያህል ያስገባል፤ በዚያን ጊዜ ቀሪ ዕዳውን ቢጠይቅ የሚሰጠው መልስ 2 ሚሊዮን 875 ሺሕ ብር ነው። ዋናው ብድር የቀነሰው 125 ሺሕ ብር ብቻ ነው። ከእያንዳንዱ ወር ክፍያ ግማሹ ለዋናው ብድር መዋል የሚጀምረውም 17ኛው ዓመት ውስጥ ሲገባ ነው።

በሥራ ላይ ሳለሁ እንዲህ ያለውን መልስ ሰምተው የተሳሳተ ፋይል የተከፈተባቸው የመሰላቸው ደንበኞች ብዙ ነበሩ። አንድ መምህር የከፈሉበትን ደረሰኝ ሁሉ በፌስታል ይዘው መጥተው፣ ጠረጴዛዬ ላይ ዘርግተው፣ እየደመሩ አሳዩኝ። ድምራቸው ልክ ነበር፤ የባንኩም ልክ ነበር። ያልተነገራቸው ነገር ቢኖር ሁለቱ ድምሮች ለምን እንደማይገናኙ ነበር፤ ይህም ውሉ በተፈረመበት ቀን በአምስት ደቂቃ ሊነገራቸው የሚችል ጉዳይ ነው።

በእኔ እምነት በቤት ብድር ውል ውስጥ ከሁሉ በላይ ገንዘብ የሚያስወጣው፣ ነገር ግን ከሁሉ ያነሰ ሐሳብ የሚሰጠው ውሳኔ የመክፈያው ዘመን ነው። ሰዎች ለወለድ ምጣኔው ከባንክ ባንክ ይዞራሉ፤ ግማሽ በመቶ ለማስቀነስ አማላጅ የሚፈልግም አይጠፋም። የዓመቱን ቁጥር ግን “ረዘም ሲል ይሻላል” በሚል አንድ ቃል ያልፉታል። ያው 3 ሚሊዮን ብር በያው 18 በመቶ ወለድ በ15 ዓመት ቢከፈል ወርሃዊው ክፍያ 48,313 ብር ነው። ልዩነቱ በወር 2,014 ብር መሆኑን አንባቢ ልብ ይበል። ጠቅላላው ክፍያ ግን ወደ 8 ሚሊዮን 696 ሺሕ ይወርዳል፤ ማለትም 2 ሚሊዮን 400 ሺሕ ብር ይተርፋል። በ10 ዓመት ከሆነ ደግሞ ወርሃዊው 54,056 ብር፣ ጠቅላላው 6 ሚሊዮን 487 ሺሕ ብር ገደማ ይሆናል። ረጅም ዘመን መምረጥ ስህተት ነው ማለቴ አይደለም። ገቢው ለአጭሩ የማይበቃ፣ ባንኩም ከደመወዙ ከተወሰነ እጅ በላይ ለዕዳ እንዲሄድ የማይፈቅድለት ሰው ሌላ አማራጭ የለውም። ሆኖም በወር 2 ሺሕ ብር ለመጨመር አቅም እያላቸው፣ ሦስቱ አማራጮች ጎን ለጎን ተጽፈው ባለማየታቸው ብቻ ረጅሙን የወሰዱ ቤተሰቦች ቁጥር ቀላል እንዳልሆነ ከልምዴ እመሰክራለሁ።

እዚህ ላይ ተደጋግሞ የሚነሳ መከራከሪያ አለ። “ብር እየረከሰ ስለሚሄድ የዛሬ 15 ዓመት የምከፍለው 46 ሺሕ ብር የዛሬውን ያህል አይከብደኝም” ይባላል። ይህ ባዶ ክርክር አይደለም። ከ10 በመቶ በታች በሆነ ወለድ የኮንዶሚኒየም ዕዳቸውን የከፈሉ ነዋሪዎች የዋጋ ንረቱ ዕዳቸውን ሲያቀልላቸው በዓይናችን አይተናል፤ በግንቦት 2014 ዓ.ም. ዓመታዊው የዋጋ ንረት 37 በመቶ ደርሶ ስለነበር፣ በዚያ ወቅት በርካሽ ወለድ የተበደረ ሰው በእርግጥ ተጠቃሚ ነበር። ይሁን እንጂ የዚያን ትውልድ ስሌት ለዛሬው ብድር ማዋል ያሳስታል። ያው 3 ሚሊዮን ብር በ9.5 በመቶ ወለድ በ20 ዓመት ቢከፈል ጠቅላላው ክፍያ 6 ሚሊዮን 700 ሺሕ ብር አካባቢ ነው፤ በ18 በመቶ ግን 11 ሚሊዮን ያልፋል። ከዚህም ሌላ ብሔራዊ ባንክ በሐምሌ 2016 ዓ.ም. 15 በመቶ የፖሊሲ ወለድ ምጣኔ፣ ማለትም ለባንኮች መነሻ የሚሆን ወለድ፣ ይዞ የመጣው የዋጋ ንረትን ለማውረድ ነው፤ ንረቱም በ2017 ዓ.ም. ማብቂያ ላይ ከ14 በመቶ በታች ወርዷል። ንረቱ ከወለዱ ባነሰ ቁጥር ዕዳው በራሱ ጊዜ የሚቀልበት ዕድል ይጠፋል። ክርክሩ የሚሠራውም ደመወዝ ከዋጋ ጋር እኩል ሲያድግ ነው፤ የመንግሥት ሠራተኛም ሆነ የግል ተቀጣሪ ደመወዙ ገበያውን ተከትሎ እንዳላደገ ለማንም የተሰወረ አይደለም።

ቀጥሎ የምጠቅሰው የውሉን ትንንሽ ፊደላት ነው። በብዙ የብድር ውሎች ውስጥ ባንኩ እንደ ገበያው ሁኔታ የወለድ ምጣኔውን መለወጥ እንደሚችል የሚገልጽ አንቀጽ አለ። ከላይ በጠቀስሁት ምሳሌ ወለዱ በመጀመሪያው ዓመት ከ18 ወደ 20 በመቶ ከፍ ቢል የወሩ ወለድ ብቻውን 50 ሺሕ ብር ገደማ ይደርሳል። ተበዳሪው በውሉ መሠረት ሲከፍል የነበረው 46,299 ብር ወለዱን እንኳ አይሸፍንም፤ ዕዳው እየተከፈለ ያድጋል ማለት ነው። ስለዚህ ወይ ወርሃዊው ክፍያ ወደ 51 ሺሕ ብር ይጠጋል፣ ወይ የመክፈያው ዘመን ይራዘማል። ሁለት በመቶ ሲባል ትንሽ ይመስላል፤ በ20 ዓመት ብድር ላይ ግን ትንሽ አይደለም።

የንብረት ግምት ክፍያ፣ የአገልግሎት ክፍያ፣ የቴምብር ቀረጥ፣ የስም ማዛወሪያ፣ በየዓመቱ የሚታደስ የቤትና የሕይወት ኢንሹራንስ የመሳሰሉት ወጪዎች ከወለዱ ጋር ሲነጻጸሩ ያንሳሉ፤ ቢሆንም አብዛኞቹ የሚጠየቁት ቤተሰቡ ያለውን ሁሉ ለቅድመ ክፍያ ባራገፈበት ሳምንት በመሆኑ አስቀድሞ መታወቃቸው ተገቢ ነው።

ጠቅላላውን ዋጋ ማወቅ ለማስደንገጥ ሳይሆን ለመወሰን ይጠቅማል። ወለዱ በቀሪ ዕዳ ላይ የሚሰላ እስከ ሆነ ድረስ በመጀመሪያዎቹ ወራት ለዋናው ብድር የሚጨመር ገንዘብ ኃይሉ ከፍተኛ ነው። ተበዳሪው ብድሩ እንደ ተለቀቀ የአንድ ወር ክፍያ ያህል፣ ማለትም 46,299 ብር፣ በዋናው ብድር ላይ እንዲቀነስለት ቢያስገባ ከሰንጠረዡ መጨረሻ 28 ወራት ያህል ይሰረዙለታል። ቦነስ ያገኘ ወይም ዕቁብ የወጣለት ሰው ይህን ቢያውቅ ገንዘቡን የት እንደሚያውለው ለመምረጥ ይችል ነበር። እዚህም ላይ ጥንቃቄ ያስፈልጋል፦ ከጊዜው በፊት ለሚከፈል ገንዘብ ቅጣት የሚጠይቅ ውል ሊኖር ስለሚችል፣ ተጨማሪው ገንዘብም ከዋናው ብድር እንዲቀነስ በጽሑፍ ካልተጠየቀ ለመጪዎቹ ወራት ክፍያ ተብሎ ሊያዝ ስለሚችል፣ ሁለቱም ከመፈረም በፊት መጠየቅ አለባቸው።

ዕዳው ሳይከፈል ሲቀር የሚሆነውም የዋጋው አካል ነው። በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት ባንክ ለተበዳሪው የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ፣ ፍርድ ቤት መሄድ ሳያስፈልገው፣ በመያዣነት የያዘውን ቤት በሐራጅ የመሸጥ ሥልጣን አለው። በስድስተኛው ዓመት ሥራውን ያጣ ተበዳሪ ከፈልሁ ብሎ የሚያስበው ወደ 3 ሚሊዮን የሚጠጋ ብር ነው፤ ከሐራጁ ገንዘብ ላይ ባንኩ ቀድሞ የሚያነሳው ቀሪ ዕዳም እንዲሁ ወደ 3 ሚሊዮን የሚጠጋ ነው።

ጠቅላላውን ቁጥር ለደንበኛ መናገር በሌላ ቦታ እንግዳ ነገር አይደለም። አሜሪካ የሚኖሩ ወገኖቻችን ቤት ሲገዙ በሚፈርሙት ሰነድ ላይ በብድሩ ዘመን ሁሉ የሚከፍሉት ድምር በብር፣ ማለቴ በዶላር፣ ተጽፎ ያገኙታል፤ የዚህ አሠራር መሠረት የሆነው የብድር ግልጽነት ሕግ እ.ኤ.አ. በ1968 የወጣ ነው። እኛም አገር በሙራባሃ ውል ከወለድ ነፃ አገልግሎት የሚጠቀም ደንበኛ ባንኩ ዕቃውን የገዛበትንና ትርፉን ጨምሮ የሚሸጥለትን ዋጋ ከመፈረሙ በፊት ያውቃል። ሙራባሃ ይረክሳል ለማለት ሳይሆን፣ ጠቅላላውን ዋጋ ቀድሞ መግለጽ ለባንኮቻችን የሚከብድ አለመሆኑን ለማሳየት ነው የጠቀስሁት። የብሔራዊ ባንክ የፋይናንስ ሸማቾች ጥበቃ መመሪያ እያለ ይህ አንድ ቁጥር በጠረጴዛው ማዶ ተደብቆ የሚቀርበት ምክንያት ሊኖር አይገባም።

ስለዚህ ብሔራዊ ባንክ እንዲያስብበት የማቀርበው ሐሳብ ቀላል ነው። ማንኛውም ባንክ የቤት ብድር ውል ከማስፈረሙ ቢያንስ ከጥቂት ቀናት በፊት ለደንበኛው በአማርኛ ወይም ደንበኛው በሚረዳው ቋንቋ የተዘጋጀ አንድ ገጽ ይስጥ። በዚያ ገጽ ላይ ጠቅላላው ክፍያ፣ ከእርሱ ውስጥ ወለድ የሆነው፣ በአምስተኛው ዓመት መጨረሻ የሚቀረው ዕዳ፣ ወለዱ በሁለት በመቶ ቢጨምር ወርሃዊው ክፍያ የሚደርስበት መጠን፣ እንዲሁም ያው ብድር በአጭር ዘመን ቢከፈል የሚኖረው ልዩነት ይጻፍ። ደንበኛው ወረቀቱን ወደ ቤቱ ወስዶ ከትዳር ጓደኛው ጋር ይየው። የተከበረው ጋዜጣችሁም ስለ ቤት ብድር ዘገባ በሚያወጣበት ጊዜ ከወርሃዊው ክፍያ ጎን ጠቅላላውን ድምር ባንኩን ጠይቆ ቢያትም፣ ገጹ በመመሪያ እስኪመጣ ድረስ ለብዙ ቤተሰብ ይደርስ ነበር።

ከአክብሮት ጋር፣
አንድ ጡረታ የወጣ የባንክ ሠራተኛ
ከአዲስ አበባ