የሥነ ጽሑፍ ክበብ ዘገባ፦ ዓመቱ በአበባ የሚገባበት ዓለም

ዘንድሮ የሥነ ጽሑፍ ክበባችን ጠዋት ሰልፍ ላይ ግጥም ከማቅረብ አልፎ አንድ ትልቅ ሥራ ያዘ። አባላቱ ተባብረው ምናባዊ ዓለም ፈጠሩ። ስሟንም ሁሪ አሏት። ካርታዋና ገበያዋ በየተራ ተሠሩ፤ በዝርዝር አልሄድበትም። ዓመቱን ሙሉ ያነጋገረን የዘመን አቆጣጠሯ ነው።

የመጀመሪያው ሐሳብ ቀላል ነበር። ሁሪ ሁለት ጨረቃ ይኑራት፤ አንዷ በየ24 ቀኑ፣ ሌላዋ በየ36 ቀኑ ትሙላ። ሁለቱ አብረው የሚሞሉት በየ72 ቀኑ ይሆናል። አምስት ጊዜ ሲገናኙ 360 ቀን፣ ዓመት ሞላ ማለት ነው። ሒሳብ የሚወዱት ልጆች በጣም ደስ አላቸው። አንዲት የ10ኛ ክፍል ተማሪ ግን አልተዋጠላትም። «ቲቸር፣ ተፈጥሮ እንደዚህ ልክክ ብሎ ገጥሞ ያውቃል እንዴ?» አለች።

አያውቅም። ጨረቃ ከሙላት እስከ ሙላት 29 ቀን ተኩል ገደማ ይፈጅባታል። 12 ጊዜ ስትሞላ 354 ቀን ነው፤ ከፀሐይ ዓመት 11 ቀን ያህል ይጎድላል። የሂጅራ አቆጣጠር ጨረቃን ብቻ ስለሚከተል ረመዳን በየዓመቱ 11 ቀን ያህል እየቀደመ በ33 ዓመት ገደማ ክረምት ከበጋውን ያዳርሳል። ይህን ያስረዱን ከቤታቸው የሚያውቁት ልጆች ናቸው። በኢትዮጵያ አቆጣጠር 12ቱ ወር እኩል 30 ቀን ይዞ ትርፉ ለጳጉሜ ይሰጣል፤ እሷም በአራት ዓመት አንዴ 6 ትሆናለች። ድቁና የሚማር አንድ አባላችን ደግሞ የበዓላትና የአጽዋማት ቀን የሚወጣባቸውን ቁጥሮች፣ ዐበቅቴና መጥቅዕን፣ ሰሌዳ ላይ እየጻፈ አሳየን። ባሕረ ሐሳብ፣ የቤተ ክርስቲያኗ የዘመን ስሌት፣ ፀሐይንና ጨረቃን የሚያስታርቀው በ19 ዓመት ዑደት ነው፤ በዚያ ጊዜ ጨረቃ 235 ጊዜ ትታደሳለች። አንድ ክፍል ውስጥ ይህ ሁሉ እውቀት መኖሩ በጣም አስደስቶኛል።

ከዚያ በኋላ 360 ተሰረዘ። ጨረቃዎቹ ወርና የገበያ ቀን እንዲቆጥሩ ቀሩ። የዓመቱን መግቢያ ግን ልጆቹ ከቁጥር አውጥተው ለዝናብ ሰጡት። ሐሳቡ የመጣው ከቤተ መጻሕፍቱ ጀርባ ካሉት የቡና ዛፎች ነው።

ጅማ አድጎ የቡና አበባ ያላየ የለም፤ ቆሞ ያየው ግን ጥቂት ነው። እምቡጡ በደረቁ ወራት ተኝቶ ይቆያል። የመጀመሪያው ደህና ዝናብ ሲጥል ይነቃል፤ ከሳምንት እስከ ዐሥር ቀን ገደማ ቆይቶ ይፈነዳል። ልጆቹ ደብተር ይዘው ጠበቁት። መጋቢት ላይ አንድ ማታ ዝናቡ ጣለ። አረንጓዴው እምቡጥ ቀን በቀን እየረዘመና እየነጣ መጣ። አንድ ጠዋት ቅርንጫፉ ሁሉ ነጭ ሆኖ ተገኘ። ሽታው ክፍል ድረስ ገባ፤ ንቦቹም ከሰልፍ በፊት ደርሰዋል። በሦስተኛው ቀን አበባው ጠወለገ። ቀኑን አስቀድሞ የሚነግር ካላንደር የለም።

ሁሪም እንዲሁ ሆነች። የመጨረሻው ለቀማ ሲያልቅ አሮጌው ዓመት ይዘጋል። አዲሱ የሚገባው አበባ ሲፈነዳ ነው። መሐሉ ላይ ያሉት ቀኖች ስምም ቁጥርም የላቸውም። በእነዚያ ቀኖች ዕዳ አይጠየቅም፣ ሽማግሌም አይቀመጥም። አንዳንዱ ዓመት አጭር፣ አንዳንዱ ረጅም ነው። የግቢያችን አትክልተኛ ቡና አንድ ዓመት በደንብ ሰጥቶ በሚቀጥለው እንደሚያርፍ ስለነገራቸው፣ ዓመቶቹንም በጥንድ ከፈሏቸው፤ የስጦታ ዓመትና የዕረፍት ዓመት። የሁሪ ሰው ዕድሜውን የሚቆጥረው በስጦታ ዓመቶች ብቻ ነው።

ታሪኮቹ የፈለቁት እዚህ ላይ ነው። ዝናቡ ቆላውን ቀድሞ ቢመታስ? ሁለት ቀዬዎች በሁለት የተለያየ ዓመት ይኖራሉ። አንድ የ11ኛ ክፍል ተማሪ በቅሎ እየነዳ ከአዲሱ ዓመት ወደ አሮጌው የሚሻገር ነጋዴ ጻፈ። ነጋዴው ታች ዕዳውን ይከፍላል፤ ወደ ላይ ሲወጣ ግን መክፈያው ገና አልደረሰም። ያቺ ጠያቂዋ ልጅ ደግሞ ስም በሌለው ቀን የተወለደች ሴት ጻፈች። ሴትዮዋ ልደቷን ፍለጋ ከአንድ ሽማግሌ ወደ ሌላው ትሄዳለች። ቀድሞ የልጆቹ ታሪክ «ከዕለታት አንድ ቀን» ብሎ ይነሳና ቀኑ ምንም ሳይሠራ ይቀር ነበር። አሁን ቀኑ ራሱ ሰዎቹን ያጣላል፣ ያስታርቃል፣ መንገድ ያስጀምራል። እኔ የዓመቱ ትልቁ ፍሬ የምለው ይህንን ነው።

ሥዕል የሚችሉት አባላት የሠሩት የሁሪ ካላንደር ቤተ መጻሕፍት ግድግዳ ላይ ተሰቅሏል፤ የታሪኮቹ ጥራዝም እዚያው ይገኛል። ያልተቋጨ ክርክር አለን፦ ዝናቡ ጨርሶ ቢቀር ሁሪ በየትኛው ዓመት ትኖራለች? ግማሹ አሮጌው ይቀጥል ይላል። ሌላው ወገን ሽማግሌዎች አበባ ሳይጠብቁ ይወስኑ ባይ ነው። ክርክሩ ለከርሞ አድሯል፤ ሐሙስ ከትምህርት በኋላ 12 ቁጥር ክፍል መጥቶ ሐሳቡን መስጠት የሚፈልግ ሁሉ ይምጣ።