ያኔ 16 ዓመቱ ነበር

ውድ ልጄ፣

ትናንት ማታ «አባዬ፣ ነፍስ ያጠፋ ሰው 16 ዓመቱ ስለሆነ ብቻ ቅጣቱ ለምን ይቀልለታል?» ብለሽ ስትጠይቂኝ ዝም አልኩሽ። ለክርክሩ «ይቅለልለት» ከሚለው ወገን እንደመደቡሽና አንቺ ራስሽ እንደማታምኚበት ገብቶኛል። አጎትሽ በሰው እጅ መሞቱን ታውቂያለሽ። ገዳዩ 16 ዓመቱ እንደነበር ግን ነግሬሽ አላውቅም።

ችሎት ላይ ጠበቃው «የልጅነት ስህተት ነው» እያለ ሲደጋግም ደሜ ይፈላ ነበር። ወንድሜም እኮ ገና 22 ዓመቱ ነበር፤ የእሱን ዕድሜ ማን ቆጠረለት? ዳኛው የገዳዩን ዕድሜ በቅጣት ማቅለያነት ይዘው 20 ዓመት ፈረዱበት። ቤት ስደርስ አያትሽ «ስንት ፈረዱበት?» ብላ ጠየቀችኝ። ቁጥሩን አፍ አውጥቼ መናገር አፈርኩ።

ከዚያ በኋላ ስለ ጉዳዩ ያገኘሁትን ሁሉ አነብ ጀመር፤ ለመረዳት ሳይሆን ለመናደድ። አንዱ ታሪክ በተለይ አቃጠለኝ። አሜሪካ ውስጥ፣ ሚዙሪ ግዛት፣ አንድ የ17 ዓመት ልጅ ግድያ ሲያቅድ ለጓደኞቹ ለአካለ መጠን ስላልደረሱ ምንም እንደማይሆኑ ነግሯቸው ነበር። ገደለ፤ ሞት ተፈረደበት። ጉዳዩ የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሶ እ.ኤ.አ. በ2005 ዳኞቹ አምስት ለአራት በሆነ ድምፅ፣ 18 ዓመት ሳይሞላው ወንጀል የፈጸመ ሰው በሞት አይቀጣም ብለው ወሰኑ። ወረቀቱን ወረወርኩት። ልጁ ዕድሜውን ራሱ አስልቶበት የለም እንዴ! ተቃራኒዎችሽ ይህን ታሪክ ካወቁት አይለቁሽም፤ ተዘጋጂበት።

የዳኞቹን ምክንያት ግን ቆይቼ አነበብኩት። ልጁ ክፉና ደጉን አይለይም አላሉም። ልጅ ግልፍተኛና አርቆ የማያይ ነው፣ ለጓደኛ ግፊት ቶሎ ይሸነፋል፣ ጠባዩም ገና አልረጋም ነው ያሉት። ሁለተኛውን ነጥብ ተመራማሪዎች በመኪና መንዳት ጨዋታ ፈትነውታል። ወጣቶቹ ጓደኞቻቸው አጠገባቸው ቆመው ሲያዩአቸው ለብቻቸው ከሚጫወቱበት ጊዜ ይበልጥ በአደጋ ይደፍሩ ነበር፤ አዋቂዎቹ ላይ ግን የጓደኛ መኖር ያን ያህል ለውጥ አላመጣም። ይህን ሳነብ የምስክሮቹ ቃል ትዝ አለኝ። አጎትሽን የወጋው ልጅ ብቻውን አልነበረም። ሦስት ጓደኞቹ ቆመው ያዩት ነበር፤ አንደኛው «ፈራህ እንዴ?» ብሎታል።

እንዳትሳሳቺ፣ ያውቅ ነበር። አንቺስ በሰባት ዓመትሽ ሰው መግደል ክፉ መሆኑን ታውቂ አልነበር? ግን ማወቅና ራስን መግታት እኩል አይበስሉም። የ16 ዓመት ልጅ ረጋ ብሎ ሲያስብ ከትልቅ ሰው ብዙም አያንስም፤ ስሜት ሲግል ልጓም የሚሆነው የፊተኛው የአንጎል ክፍል ግን እስከ ሃያዎቹ አጋማሽ ድረስ ይበስላል። ለዚህ ነው ዛሬ ዕድሜው ዓመታቱን ይቀንስለት የምለው። ድርጊቱን ግን በስሙ እንጥራው፤ ነፍስ ግድያ እንጂ «ስህተት» አይደለም። ያን ጠበቃ ለዚያች ቃል እስካሁን አልተውኩለትም።

«ቅጣቱ ከቀለለ ትልልቆቹ ልጅ ይልካሉ» የሚልም ይነሳብሻል። እውነት አለው። እንግዲያውስ የላኪው ቅጣት ይክበድ በያቸው።

አጥብቀሽ እንድትይዢ የምፈልገው እ.ኤ.አ. የ1989ኙን የተባበሩት መንግሥታት የሕፃናት መብቶች ስምምነት (ኮንቬንሽን)፣ አንቀጽ 37ን ነው። ከ18 ዓመት በታች ሆኖ ባጠፋ ሰው ላይ የሞት ቅጣትንም፣ የመፈታት ዕድል የሌለውን ዕድሜ ልክ እስራትንም ይከለክላል። «ልቀቁት» አይልም። ጠባዩ ባልረጋ ልጅ ላይ የመጨረሻውን ቃል በ16 ዓመቱ አትናገሩ፣ አድጎ ምን ዓይነት ሰው እንደወጣው አንድ ቀን እዩት ነው ነገሩ። ይቅርታ ሌላ ጉዳይ ነው። እሱ የእኔና የአያትሽ ነው፤ ማንም ዳኛ በእኛ ስም ሊሰጠው አይችልም።

ይህን ሁሉ የምጽፍልሽ ባለፈው ሳምንት አንድ ደብዳቤ ስለደረሰኝ ነው። ያ ልጅ አሁን 31 ዓመቱ ነው። በአመክሮ ለመፈታት አመልክቷል፤ ከፈለግሁ ቀርቤ መናገር እችላለሁ። እጄ ደብዳቤውን ይዞ እንደተንቀጠቀጠ አልደብቅሽም። ይፈታ ለማለት ልቤ እሺ አላለኝም፤ አይፈታ ለማለትም ያነበብኩት ሁሉ ይይዘኛል። ፊቱን ማየት ግን እፈልጋለሁ። የማስታውሰው ጢም ያላበቀለ ፊት ነው።

ቀጠሮው ከክርክርሽ በኋላ፣ የሚቀጥለው ሳምንት ረቡዕ ነው። ብትመጪልኝ ደስ ይለኛል። ለአያትሽ ገና አልነገርኳትም፤ እስከዚያ አንቺም እንዳትነግሪያት።

አባትሽ