ለዶሮ ማነቂያ ሰዎች፦ እግዜር ይስጥልን

ፊልማችን እሑድ ማታ ተመረቀ። አዳራሹ ሞልቶ ደረጃው ላይ ሁሉ ሰው ተቀምጦ ነበር። እኔ መቀመጥ አቅቶኝ ከኋላ ቆሜ ነው ያየሁት።

ፖስተሩ ላይ ድርሰትና ዳይሬክቲንግ በሚለው ስር የእኔ ስም ብቻ አለ። ስፖንሰር ፍለጋ ስዞር የከረምኩትን፣ «ኮሜዲ ካልሆነ ይቅርብን» የተባልኩትን ልተወው። ዋናው ምስጋናዬ ፊልሙን ለቀረጽንበት ለፒያሳው ዶሮ ማነቂያ ሰፈር ጎረቤቶች ነው። ሰፈሩ በ2016 ከፈረሰ ወዲህ ማን የት እንደገባ አላውቅም። በየቤቱ ዞሬ ማመስገን ስላልቻልኩ በአደባባይ እጽፋለሁ።

የቀረጽነው በ2015 ክረምት ነው። ሐምሌን ፒያሳ ያሳለፈ ያውቀዋል። ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲደበድበው ሳውንድ ማናችን ሄድፎኑን አውልቆ ራሱን ይነቀንቃል። የካሜራ ኪራይ ደግሞ በቀን ነው፤ ዘነበ ብሎ የሚምር የለም።

እናቶች ጆንያና አሮጌ ምንጣፍ አምጥተው ጣራው ላይ አስነጠፉ። አልበቃም። የእድሩን ዳኛ ድንኳን ለመንናቸው። «ድንኳን የሚወጣው ለለቅሶ ነው፤ ማን ሞተ ልንል ነው?» አሉ። ትንሽ ቆይተው ግን ራሳቸው ወጥተው ገመዱን አሰሩ። ጸጥ አለ አልልም፤ የተዋንያኑ ንግግር ግን ተሰማ።

ጣጣው ሌላ ነው። ድንኳን ያየ ሁሉ ለቅሶ ቤት መሰለው። አንዲት እናት ነጠላቸውን አዘቅዝቀው እያለቀሱ ገቡ። ፊልም ነው ስንላቸው እንባቸውን ጠርገው «ታዲያ ቡናስ የለም?» አሉ። ቡና ተፈላ። የዚያን ቀን ሥራ እዚያው አበቃ፤ ፕሮዲዩሰራችን ዛሬም ሲያነሳው ይናደዳል።

በግማሽ ክፍያ የሠራችሁ ተዋንያን፣ መብራት ሲመጣ ሌሊት እየተነሳህ ያቀናበርከው ኤዲተራችን፣ ውለታችሁ አለብኝ። ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማንም ሳላነሳ አላልፍም። እ.ኤ.አ. በ1993 ያወጡትን ፊልም አሜሪካ ውስጥ የሚያከፋፍልላቸው ሲያጡ ራሳቸው ሲኒማ ቤት እየተከራዩ ነው ያሳዩት። እኛም ተበድረን አዳራሽ ስንከራይ ያደፋፈረን ይኸው ሥራቸው ነው።

ፊልሙ የፊታችን ቅዳሜና እሑድ በ10 ሰዓት ይታያል። እድርተኞች፣ ትኬት እንዳትቆርጡ። የስም ዝርዝሩ በር ላይ አለ፤ ልጆቻችሁንም ይዛችሁ ኑ።